የታብሌት ጎተራ፤ የማይጠቅመውን ጨዋታ አንሥቶ ለትምህርት ስፍራ ስለ ማስለቀቅ

ለገጠር ትምህርት ቤት መምህራንና መጽሐፍ ለሚያነቡ ሽማግሎች የተነገረ



ገበሬ ጎተራን የሚሠራው እህል ሊያኖርበት ነው። ጎተራውም ሰፊ ቢሆን ጠባብም ቢሆን ልክ አለው፤ ልኩ ከሞላ በኋላ አንዲት ቁና እንኳ ልጨምር ቢሉ አይቀበልም። ስለዚህ አስተዋይ ገበሬ አዲሱ መኸር ሳይደርስ ጎተራውን ከፍቶ ነቀዝ የበላውን ያወጣል፤ ገለባውን ይጠርጋል፤ ለዘር የሚሆነውንም ለብቻው ያኖራል። ይህን ሳያደርግ የቀረ ሰው ግን እህሉ ከአውድማ ላይ ተወቅቶ ሳለ ማግቢያ አጥቶ ዝናብ ይመታበታል።

በዚህ ዘመን በትምህርት ቤትና በሰው ቤት የገባው ታብሌት የሚባለው መሣሪያ እንደዚሁ ጎተራ አለው። ጎተራውም ማከማቻ ይባላል። መጽሐፉ፥ ሥዕሉ፥ ድምፁ፥ የመምህሩ ማስታወሻና የልጆቹ ጨዋታ ሁሉ የሚቀመጠው በዚያ ባንድ ስፍራ ነው። ለአንዱ የተሰጠው ስፍራ ከሌላው የተወሰደ ነው። ነገር ግን የእህሉ ጎተራ መሙላቱ በዓይን ሲታይ፥ የታብሌት ጎተራ መሙላቱ ከውጭ አይታይም፤ ክብደቱም አይጨምርም። ስለዚህ ብዙ ሰው መሙላቱን የሚያውቀው አዲስ መጽሐፍ ላስገባ ባለ ጊዜ፥ ስፍራ የለም የሚል ቃል በመስታወቱ ላይ ሲወጣ ነው።

የዚህም ንግግር ጉዳይ ይኸው ነው፤ የማይጠቅመው ጨዋታ በምን መንገድ እንደሚነሣ፥ ሲነሣም ሌላው እንዳይበላሽ፥ ከተነሣም በኋላ ተመልሶ እንዳይሞላ ማመልከት ነው።

1ኛ፤ ስለ ስፍራው ልክ

እህል በቁናና በዳውላ እንደሚሰፈር፥ በታብሌት ውስጥ ያለው ሁሉ የሚሰፈረው በባይት ነው። 1,000 ባይት 1 ኪሎባይት፥ 1,000 ኪሎባይት 1 ሜጋባይት፥ 1,000 ሜጋባይትም 1 ጊጋባይት ይባላል። አንዳንድ መሣሪያ ግን በ1,000 ፈንታ በ1,024 ስለሚቈጥር፥ በካርቶኑ ላይ 32 ጊጋባይት የተባለው በመስታወቱ ላይ 29.8 ጊጋባይት ሆኖ ሊታይ ይችላል። ይህ የቈጠራ ልዩነት እንጂ የነጋዴ ማታለል አይደለም።

የኢትዮጵያ ፊደል በዓለም ኮምፒዩተሮች ሁሉ ዘንድ አንድ ዓይነት ቍጥር ተሰጥቶት ዩኒኮድ በሚባለው መዝገብ የገባው በ1999 እንደ አውሮጳውያን አቈጣጠር ነው፤ በዚያን ጊዜም 345 ምልክቶች ተመዝግበውለታል። ዛሬ በብዙ ስፍራ በሚሠራበት አጻጻፍ አንድ የላቲን ፊደል 1 ባይት ሲይዝ፥ አንድ የግዕዝ ፊደል 3 ባይት ይይዛል። እንግዲህ 300 ገጽ ያለው፥ በያንዳንዱም ገጽ 1,500 ፊደል የተጻፈበት የአማርኛ መጽሐፍ ቢኖር፥ ፊደሉ በጠቅላላው 450,000 ይሆናል። ይህም በ3 ሲባዛ 1,350,000 ባይት፥ ማለት 1.35 ሜጋባይት ነው።

አሁን 2 ጊጋባይት የሚይዝ አንድ ጨዋታ ይታሰብ። እንዲህ ያለው ጨዋታ ዛሬ ብርቅ አይደለም። በርሱ ስፍራ እንደዚያ ያሉ መጻሕፍት ከ1,400 በላይ ሊቀመጡ ይችላሉ። ሥዕል ያለባቸውና ገጻቸው በፎቶግራፍ የተነሣ መጻሕፍት ከዚህ ብዙ እጥፍ ስፍራ መፈለጋቸው እውነት ነው፤ ነገር ግን አንዱ የትምህርት መጽሐፍ 30 ሜጋባይት ቢይዝ እንኳ፥ በዚያ ባንድ ጨዋታ ስፍራ 66 መጻሕፍት ይገባሉ። የቀድሞ ጸሐፊ ብራናን ፍቆና ዳምጦ፥ ለያንዳንዱ መጽሐፍ ስንት ፍየል እንደሚታረድ ያውቅ ስለ ነበረ፥ በብራናው ላይ የሚጽፈውን ይመርጥ ነበር። የታብሌት ስፍራ ግን ያለ ድካም የተገኘ ስለሚመስል ሰው ሳይመርጥ ይሞላዋል።

2ኛ፤ ጨዋታ ብዙ ስፍራ የሚይዝበት ምክንያት

ጨዋታ ብዙ ስፍራ የሚይዘው ሥዕሉ፥ ድምፁና ተንቀሳቃሹ ምስል ስለሚበዛ ነው። የመኪና እሽቅድምድም የሚያሳየው ጨዋታ ሰማዩን፥ መንገዱን፥ የያንዳንዱን መኪና መልክና ጩኸት ሁሉ በውስጡ ተሸክሟል። ደግሞም መጀመሪያ ሲወርድ ትንሽ መስሎ ይገባል፤ ከገባ በኋላ ግን ቀሪውን ዕቃውን ከኢንተርኔት እየጠራ ያስገባል። በየጊዜውም ማሻሻያ የሚባለው ሲመጣለት ይወፍራል። ከዚህም በቀር ቶሎ ለማግኘት ብሎ ለጊዜው የሚያስቀምጠው ትርፍ ነገር አለ፤ ይህም መሸጎጫ ይባላል።

ብዙዎቹ ጨዋታዎች ያለ ዋጋ የሚሰጡ ናቸው። ባለቤቶቻቸውም ገንዘብ የሚያገኙት ማስታወቂያ በማሳየትና በጨዋታው ውስጥ ልዩ ልዩ ነገር በመሸጥ ነው። ማስታወቂያውም አብዛኛውን ጊዜ ሌላ ጨዋታ አውርዱ የሚል ነው። ልጅ በመስታወቱ ላይ ያየውን የሚያብለጨልጭ ሥዕል ሲነካ አንዱ ጨዋታ ሁለተኛውን፥ ሁለተኛውም ሦስተኛውን እየጠራ ይመጣል።

ኢንተርኔት በማይደርስበት ስፍራም ጨዋታ አይታጣም፤ ልጆች ከስልክ ወደ ታብሌት በብሉቱዝና ይህን በመሰለ መንገድ ይቀባበሉታልና። እንዲህ ሆኖ የመጣ ጨዋታ ስፍራ የሚይዘው ሁለት ጊዜ ነው፤ አንደኛው የተጫነው ጨዋታ፥ ሁለተኛው ደግሞ የተጫነበት ፋይል ነው። ጨዋታው ቢነሣ እንኳ ፋይሉ በመዝገቡ ውስጥ ሊቀር ይችላል። ከየት እንደ መጣ የማይታወቅ ፋይልም ምስጢር የሚሰርቅ ወይም መሣሪያውን የሚያበላሽ ነገር ይዞ ሊመጣ ስለሚችል፥ ከስፍራው ይልቅ አደጋው ይከፋል።

3ኛ፤ ጎተራው የሞላ እንደ ሆነ የሚመጣ ጉዳት

ለምሳሌ አንድ ባለ 32 ጊጋባይት የትምህርት ቤት ታብሌት ይኑር። መሣሪያው የሚሠራበት ሥርዓትና አብረውት የመጡት መተግበሪያዎች 12 ጊጋባይት ቢይዙ 20 ይቀራል። ልጆች እያንዳንዱ 2 ጊጋባይት የሆነ 7 ጨዋታ ቢጭኑ 14 ይሄዳል። ፎቶግራፍና ቪዲዮ 5 ቢይዝ የሚቀረው 1 ጊጋባይት ብቻ ነው።

አሁን መምህሩ ለዓመቱ ትምህርት እያንዳንዱ 30 ሜጋባይት የሆነ 10 መጽሐፍና፥ እያንዳንዱ 150 ሜጋባይት የሆነ 20 የቪዲዮ ትምህርት ሊያስገባ ይመጣል። መጻሕፍቱ 300 ሜጋባይት፥ ቪዲዮዎቹ 3,000 ሜጋባይት፥ በድምሩ 3.3 ጊጋባይት ነው። ስለዚህ አይገባም። ኢንተርኔት ለማግኘት ሲል ከሩቅ ቀበሌ ወደ ወረዳ ከተማ የመጣ መምህር ከሆነ፥ የሄደበት መንገድና የከፈለው ገንዘብ ከንቱ ይሆናል፤ ልጆቹም ያንን ትምህርት ሳያዩ ወሩ ያልፋል።

ነገር ግን ከ7ቱ ጨዋታዎች 2ቱ ብቻ ቢነሡ 4 ጊጋባይት ይለቀቃል፤ ከቀድሞው 1 ጋር 5 ይሆናል። ትምህርቱ ሁሉ ገብቶ 1.7 ጊጋባይት ይተርፋል። ከዚህ ሒሳብ የሚታወቀው፥ ሁሉን በቍጣ መጥረግ አስፈላጊ አለመሆኑን ነው። የሚያስፈልገው መቍጠርና መምረጥ ነው።

ስፍራ ያጣ መሣሪያ ሌላም ጉዳት አለው። ሥራው ይጐተታል፤ የተጻፈው ማስታወሻ ሳይቀመጥ ሊቀር ይችላል፤ ፎቶግራፍ አልነሣም ይላል። ከሁሉ ይልቅ ደግሞ መሣሪያውን ከክፉ ነገር የሚጠብቀውን ማሻሻያ አይቀበልም።

4ኛ፤ ስለ ልጆች ብልኀት

በ2012 እንደ አውሮጳውያን አቈጣጠር፥ ለያንዳንዱ ልጅ አንድ ላፕቶፕ በሚል ስም የታወቀው የአሜሪካ ድርጅት በአገራችን በሁለት መንደሮች፥ በወንጪና በወለንጪቲ፥ አንድ ሙከራ አደረገ። በያንዳንዱ መንደር 20 ለሚሆኑ ትምህርት ቤት ላልገቡ ልጆች ሞቶሮላ ዙም የሚባለው ታብሌት በተዘጋ ሳጥን ውስጥ ሆኖ ተሰጠ። ኃይል የሚሞላውም በፀሐይ ነበር። አስተማሪ አልተሰጣቸውም። የድርጅቱ መሥራች ኒኮላስ ኔግሮፖንቴ በዚያው ዓመት በጥቅምት ወር እንደ ተናገረው፥ አንዱ ልጅ ሳጥኑን ከፍቶ ማብሪያውን ለማግኘት 4 ደቂቃ ብቻ ፈጀበት፤ በ2 ሳምንት ውስጥም ልጆቹ የእንግሊዝኛን ፊደል መዝሙር ይዘምሩ ጀመር። 5 ወር ያህል ከቈየ በኋላ ደግሞ፥ የመስታወቱ መልክ እንዳይለወጥ የተደረገውን እገዳ አልፈው እያንዳንዱ ልጅ ታብሌቱን እንደ ወደደ አሰናዳው፤ ተዘግቶ የነበረውንም ካሜራ ከፈቱት።

ይህ ነገር ለመምህርም ለሽማግሌም ሁለት ትምህርት ይሰጣል። አንደኛ፥ ልጅ በመቈለፍ ብቻ አይገታም፤ የተቈለፈውን ለመክፈት ብልኀት አያጣምና። ሁለተኛ፥ እንዲህ ያለ ብልኀት ያለው ልጅ ማስገባትን ያለ አስተማሪ ከተማረ፥ ማውጣትንና መምረጥን ደግሞ በአስተማሪ ቶሎ ይማራል። ስለዚህ ታብሌትን የማጽዳት ሥራ ከልጆች ተሰውሮ የሚደረግ ሳይሆን ከነርሱ ጋር የሚሠራ መሆን ይገባዋል።

5ኛ፤ የሚነሣውንና የሚቀረውን ስለ መለየት

ጨዋታ ሁሉ የተጠላ አይደለም። አባቶች ገበጣን ሲጫወቱ መቍጠርንና አስቀድሞ ማሰብን ይለማመዱበት ነበር፤ በገናም በዓል ገና መጫወት ጕልበትንና መተባበርን ያስተምራል። በታብሌት ላይም ሒሳብን፥ የፊደልን ቅርጽ፥ የአገሮችን ካርታ በጨዋታ መልክ የሚያስተምር አለ። እንዲህ ያለውን ከማይረባው ጋር አብሮ ማጥፋት ስንዴውን ከእንክርዳዱ ጋር መንቀል ነው።

ስለዚህ መምህሩ በያንዳንዱ ጨዋታ ላይ 3 ጥያቄ ያቅርብ። መጀመሪያ፥ ይህ ጨዋታ ምን ያስተምራል? ሁለተኛ፥ ባለፈው ወር የተከፈተው ስንት ጊዜ ነው? ሦስተኛ፥ የሚይዘው ስፍራ ስንት መጽሐፍ ያገባል? የማያስተምር፥ የማይከፈትና ብዙ ስፍራ የሚይዝ ቢሆን ያለ ክርክር ይነሣ። የሚያስተምርና ትንሽ ስፍራ የሚይዝ ቢሆን ይቅር። የማያስተምር ነገር ግን ልጆች እጅግ የሚወዱት ቢሆን፥ ምክር ተደርጎበት ይወሰን፤ ምናልባትም አንዱን በልጆቹ ምርጫ አስቀርቶ ሌሎቹን ማንሣት ይሻላል። ልጅ ራሱ የመረጠውን ውሳኔ ያከብራልና።

6ኛ፤ የማንሣቱ ሥራ በተራ

ብዙዎቹ ታብሌቶች የሚሠሩት አንድሮይድ በሚባለው ሥርዓት ስለ ሆነ ከዚህ በታች ያለው ለነርሱ የሚስማማ ነው። የአዝራሮቹ ስም ከመሣሪያ መሣሪያ በጥቂቱ ሊለያይ ይችላል።

አስቀድሞ መምህሩ መሣሪያው በቂ ኃይል መያዙን ይመልከት። ቀጥሎ ሊጠፋ የማይገባው የልጆች ሥራ፥ ፎቶግራፍና ማስታወሻ ካለ በሌላ ስፍራ፥ በኮምፒዩተር ወይም በሚሞሪ ካርድ ላይ ይገልብጥ።

ከዚህ በኋላ ሰዎች ሴቲንግ የሚሉትን፥ መሣሪያው በአማርኛ ሲሆን ግን ቅንብሮች የሚለውን ይክፈት። በውስጡ ማከማቻ የሚል አለ። እርሱ ሲነካ በጠቅላላው ስንት እንደ ተያዘና ስንት እንደ ቀረ፥ መተግበሪያዎች ስንት፥ ፎቶግራፍ ስንት፥ ቪዲዮም ስንት እንደ ያዘ ይታያል። መምህሩ ያየውን ቍጥር በወረቀት ላይ ይጻፍ፤ ሥራው ሲፈጸም ማመዛዘኛ ይሆነዋል።

ቀጥሎ መተግበሪያዎች የሚለውን ይክፈትና እያንዳንዱ የሚይዘውን ስፍራ ይመልከት። ሥራውንም ከትልቁ ይጀምር፤ አንድ ባለ 2 ጊጋባይት ጨዋታ ማንሣት 40 ባለ 50 ሜጋባይት ጨዋታ ከማንሣት ጋር እኩል ነውና። የሚነሣውን ጨዋታ ስም ሲነካ አራግፍ የሚል አዝራር ይወጣል። እርሱን ነክቶ እሺ ሲል ጨዋታው ከመሣሪያው ይወጣል። በፕሌይ ስቶር ውስጥም የተጫኑትን በመጠናቸው ተራ ደርድሮ ብዙውን ባንድ ጊዜ ለማንሣት የሚያስችል ስፍራ አለ።

በዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚስትበት ነገር አለ። በመጀመሪያው ገጽ ላይ ያለውን የጨዋታ ምልክት ይዞ ጎትቶ አስወግድ ወደሚለው ቢወስዱት፥ በብዙ መሣሪያ የሚጠፋው ምልክቱ ብቻ ነው፤ ጨዋታው በውስጥ እንዳለ ይቀመጣል፤ ስፍራም አይለቀቅም። ይህ የበሩን ምልክት ፍቆ ቤቱን እንደ መተው ነው። ስለዚህ አራግፍ የሚለውን ቃል ማስተዋል ይገባል።

ከመሣሪያው ጋር ከፋብሪካ የመጡ አንዳንድ ጨዋታዎች አራግፍ የሚል አዝራር የላቸውም። ለነርሱ አሰናክል የሚለው ይበጃል። የተሰናከለ ጨዋታ ፈጽሞ አይወጣም፤ ነገር ግን አይሠራም፥ አይወፍርም፥ የተጨመረለትም ማሻሻያ ሊነሣለት ይችላል።

ጨዋታውን ማንሣት ሳያስፈልግ ጥቂት ስፍራ ብቻ ከተፈለገ መሸጎጫውን ማጽዳት ይቻላል። መሸጎጫ ሲጸዳ ጨዋታው የደረሰበት ደረጃ አይጠፋም። ውሂብን ወይም ማከማቻን አጽዳ የሚለው ግን ሌላ ነው፤ እርሱ የተጠራቀመውን ሁሉ ይደመስሳል። ሁለቱ አዝራሮች ጎን ለጎን ስለሚቀመጡ ዓይን ሳያጠሩ መንካት አይገባም።

በመጨረሻም ፋይሎች ወይም ዳውንሎድ የሚባለው መዝገብ ይከፈትና ጨዋታዎቹ የተጫኑባቸው ፋይሎች ቀርተው እንደ ሆነ ይሰረዙ። በአንዳንድ መሣሪያ የተሰረዘው ፋይል ወዲያው አይጠፋም፤ መጣያ በሚባለው ስፍራ ጥቂት ቀን ይቈያል። መጣያው ካልተደፋ ስፍራው አልተለቀቀም። ይህ ሁሉ ከተፈጸመ በኋላ መሣሪያው ጠፍቶ ይነሣና ማከማቻው ዳግመኛ ተከፍቶ በወረቀቱ ላይ ከተጻፈው ቍጥር ጋር ይመዛዘን።

7ኛ፤ ጥንቃቄ የሚያስፈልገው ነገር

አወቅሽ አወቅሽ ቢሏት የባሏን መጽሐፍ አጠበች የሚለው የአገር ተረት ለዚህ ሥራ የተተረተ ይመስላል። ጥቂት ያወቀ ሰው ስፍራ ላስለቅቅ ሲል የሚያስፈልገውን ሊደመስስ ይችላልና።

ስሙ የማይታወቅ መተግበሪያ ሲገኝ ጨዋታ ነው ብሎ መገመት አይገባም። መሣሪያው ፊደል የሚጽፍበት፥ ድምፅ የሚያሰማበትና ኢንተርኔት የሚያገኝበት ሁሉ በዚያው ዝርዝር ውስጥ ይገኛልና፥ ያላወቁትን መተው ይሻላል።

ሁለተኛው ጥንቃቄ በሁሉ ይበልጣል። አንዳንድ ሰው ጨዋታዎቹን አንድ በአንድ ማንሣት ሲሰለቸው፥ መሣሪያውን ከፋብሪካ እንደ ወጣ ወደሚያደርገው ትእዛዝ ይቸኵላል። ይህ ትእዛዝ መጽሐፉን፥ ፎቶግራፉን፥ የልጆቹን ሥራ ሁሉ ይደመስሳል። ደግሞም ብዙው የአንድሮይድ ታብሌት እንዳይሰረቅ ሲባል፥ እንዲህ ከተደመሰሰ በኋላ ቀድሞ በውስጡ የነበረውን የጉግል አካውንት ስምና የምስጢር ቃል ሊጠይቅ ይችላል። መሣሪያውን መጀመሪያ የከፈተው መምህር ወደ ሌላ ስፍራ ተዛውሮ ቃሉን የሚያውቅ ከታጣ፥ ደኅና የነበረው ታብሌት ተቈልፎ ይቀራል። ስለዚህ ትምህርት ቤቱ የየታብሌቱን አካውንትና የምስጢር ቃል በመዝገብ ጽፎ በርእሰ መምህሩ ሣጥን ውስጥ ይቈልፍ፤ የመደምሰሱ ትእዛዝም የመጨረሻ መድኃኒት እንጂ የመጀመሪያ አይሁን።

ሦስተኛው፥ ልጅ የደከመበትን ማክበር ነው። አንዳንድ ጨዋታ ልጁ የደረሰበትን ደረጃ በአካውንቱ በኩል በሩቅ ያስቀምጣል፤ ሌላው ግን ከጨዋታው ጋር አብሮ ያጠፋዋል። ለትልቅ ሰው ከንቱ የሚመስለው ደረጃ ለልጁ የብዙ ሳምንት ድካም ነው። ሳይነገረው ቢጠፋበት ትርፉ ቂም ነው፤ በማግስቱም ጨዋታውን ከሌላ ልጅ ስልክ ተቀብሎ ይመልሰዋል። ቀኑ አስቀድሞ ቢነገረውና ምክንያቱ በሒሳብ ቢታየው ግን ብዙ ጊዜ ራሱ በእጁ ያነሣዋል።

8ኛ፤ ተመልሶ እንዳይሞላ

አንድ ጊዜ የጸዳ ጎተራ ለሁልጊዜ ንጹሕ አይሆንም። ስለዚህ በየወሩ መጨረሻ አንድ ቀን ተቀጥሮ የታብሌት ማጽጃ ቀን ቢሆን መልካም ነው። በዚያ ቀን ከየክፍሉ 2 ልጆች ተመርጠው በመምህሩ ፊት የየመሣሪያውን ቀሪ ስፍራ አንብበው በግድግዳ ወረቀት ላይ ይጻፉ። መደመር፥ መቀነስና በመቶ ማስላት ለሚማር ልጅ ከዚህ የሚሻል መልመጃ ማግኘት ያስቸግራል።

ከማይታወቅ ምንጭ የሚመጣ መተግበሪያ እንዳይጫን የሚከለክለው ቅንብር እንደ ተዘጋ ይቈይ። ለልጆች ብቻ በተመደበ ታብሌት ላይ ፋሚሊ ሊንክ የሚባለውን የጉግል መቈጣጠሪያ ማግባት ይቻላል፤ ልጁ አዲስ ጨዋታ ሲፈልግ ጥያቄው ወደ አሳዳጊው ይደርሳልና። ሚሞሪ ካርድ የሚቀበል ታብሌት ቢሆን መጻሕፍቱንና ቪዲዮዎቹን በካርዱ ላይ ማኖር የውስጡን ስፍራ ያሳርፈዋል።

ደግሞም ጨዋታ ብቻ ሳይሆን ቪዲዮ መታየት አለበት። ጥራቱ ከፍ ያለ የ1 ደቂቃ ቪዲዮ ከ100 ሜጋባይት ሊበልጥ ይችላል። መምህሩ የልጆቹን ጨዋታ አንሥቶ በበዓል ቀን የቀረጸውን የ1 ሰዓት ቪዲዮ ቢተወው፥ በልጆቹ ፊት ፍርዱ የተዛባ ይሆናል። በትምህርት ቤቱ ታብሌት ላይ ያለ የግል ነገር፥ የመምህርም ቢሆን የተማሪ፥ ባንድ ሚዛን ይመዘን።

9ኛ፤ የሽማግሎች ድርሻ

ሽማግሌ ይህ የልጆች ነገር ነው፥ እኔን አይነካኝም ቢል ተሳስቷል። በመንደሩ ውስጥ አባት ልጄ በታብሌት ምክንያት ከብት መጠበቅ ተወ እያለ፥ መምህርም ወላጆች ልጆቹን አይመክሩም እያለ ሲካሰሱ የሚሰማው እርሱ ነውና። አንዳንዱ አባት ተቈጥቶ መሣሪያውን ከነመጽሐፉ ይቈልፈዋል፤ በዚህም ጨዋታው ብቻ ሳይሆን ትምህርቱም አብሮ ይታሰራል። ሽማግሌው እንግዲህ በሁለቱ መካከል ገብቶ፥ ጥፋቱ በመሣሪያው ላይ እንዳልሆነ፥ በውስጡ የሚኖረውን መምረጥ ግን የሁሉ ሥራ እንደ ሆነ ቢያስረዳ፥ ታብሌቱም ይፈታል፤ ልጁም ይመከራል።

ደግሞም ሽማግሌው የሚያውቀው ተረት፥ የመንደሩ ታሪክ፥ የመድኃኒት ዕፅዋት ስምና የእርሻ ዘዴ አብዛኛው ገና አልተጻፈም። የአንድ አዛውንት ንግግር በድምፅ ብቻ ቢቀረጽ፥ 1 ሰዓት የሆነው በተለመደው መጠን ከ30 እስከ 60 ሜጋባይት ያህል ይይዛል። እንግዲህ 2 ጊጋባይት የሚይዝ አንድ ጨዋታ ሲነሣ ከ30 ሰዓት በላይ የሆነ የአባቶች ቃል ማኖሪያ ይገኛል። ልጆች በመስታወቱ ላይ የሚያብለጨልጨውን መኪና ሲያጡ የአያታቸውን ድምፅ በስፍራው ቢያገኙ፥ ስፍራው ባዶ ሆኖ እንዳልቀረና ለሚበልጥ ነገር እንደ ተለቀቀ ያስተውላሉ።

የጎተራ መጽዳት ጥቅሙ የሚታወቀው አዲሱ እህል ሲገባበት ነው። ስለዚህ ጨዋታው በተነሣበት በዚያው ቀን፥ ልጆቹ ሳይበተኑ፥ የሚቀጥለው ትምህርት መጽሐፍ ወደ ታብሌቱ ይግባ፤ የመጀመሪያውም ገጽ በዚያው ሰዓት ይነበብ። እግዚአብሔር የመምህራንን ድካም ይባርክ፥ ለልጆችም ጠቃሚውን ከማይጠቅመው የሚለዩበትን ማስተዋል ይስጥ።